ዶሮን ጀርባዋን ከፍቶ፥ ዘርግቶ ስለ መጥበስ



በአገራችን ስለ ዶሮ ሲነሣ የሰው ሁሉ አሳብ አስቀድሞ የሚሄደው ወደ ወጡ ነው። ሽንኩርቱ ያለ ጥድፊያ እየተቁላላ፥ በርበሬው ከቅቤው ጋር እየተዋሐደ፥ ዶሮዋ በዐሥራ ሁለት ብልት ተለያይታ በሎሚና በጨው እየታጠበች፥ ፈረሰኛው ለማን መላላጫው ለማን እንደሚደርስ ከወዲሁ እየታሰበ የሚሰናዳው ያ ማዕድ፥ የባለሙያ ሴት መመስከሪያ ሆኖ ብዙ ዘመን ኖሯል፤ ስለ እርሱም የእኔን ምስክርነት የሚሻ የለም። እኔ ዛሬ በፊታችሁ የቆምሁት ስለ ሌላ አሠራር፥ ማለት ብልት ሳይወጣላት በሙሉ ገላዋ ስለምትጠበሰው ዶሮ ለመናገር ነው። ይህ አሠራር በከተሞቻችን ሆቴሎችና ምድጃ ባለባቸው ቤቶች ከገባ ወዲህ አንድ ደዌ አብሮት ገብቷል፤ ይኸውም ደረቷ ደርቆ ጕሮሮ የሚያንቅ ሲሆን ታፋዋ ግን ከመጋጠሚያው ሥር ገና ጥሬ ሆኖ መገኘቱ ነው። ስለዚህ ጕድለት አንዱ እሳቱን ይወቅሳል፥ ሌላው ሠሪውን ይወቅሳል፤ እኔ ግን ጥፋቱ ከሁለቱም አስቀድሞ በዶሮዋ አቀማመጥ ላይ ነው እላለሁ፤ መድኃኒቱም ጀርባ አጥንቷን አውጥቶ፥ ደረቷን ተጭኖ፥ ገላዋን እንደ መጽሐፍ ገልጦ መዘርጋት ነው።

ነገሩን ከሥሩ ለመረዳት የዶሮን ባሕርይ መመርመር ያስፈልጋል። ዶሮ ክንፍ ቢኖራትም ኑሮዋ በእግር ነው፤ ከጧት እስከ ማታ ትጭራለች፥ ትራመዳለች፥ ትቆማለች፤ የምትበረው አደጋ ሲመጣባት ወይም ወደ ቆጥ ስትወጣ ለጥቂት ቅጽበት ብቻ ነው። ስለዚህ የእግሯ ሥጋ ዘወትር የሚሠራ በመሆኑ፥ ኦክስጅን የሚያከማችለት ማዮግሎቢን የተባለው ቀይ ንጥረ ነገር በዝቶበት ጠቈር ይላል፤ ጡንቻውን ከጡንቻው የሚያስተሳስረው ኮላጅን የተባለው ጠንካራ ነገርም በብዛት ይገኝበታል። የደረቷ ሥጋ ግን ለቅጽበታዊ በረራ ብቻ የተዘጋጀ ስለ ሆነ ነጭና ለስላሳ ነው፥ ስቡም ኮላጅኑም ጥቂት ነው። እንግዲህ በአንዲት ዶሮ ገላ ውስጥ በባሕርይ የተለያዩ ሁለት ሥጋዎች አሉ ማለት ነው፤ የሁለቱም ፍላጎት በእሳት ፊት አንድ አይደለም። የደረቱ ሥጋ ከ65 እስከ 74 ዲግሪ ሴንቲግሬድ ባለው መጠነ ሙቀት ርጥበቱን እንደ ያዘ ይበስላል፤ ከዚያ ባለፈ ጊዜ ክሮቹ ተጨባብጠው በውስጣቸው ያለውን ውኃ አውጥተው ያፈሱታል። የታፋው ሥጋ በተቃራኒው በ65 ዲግሪ ገና ጎማ ነው፤ ኮላጅኑ ቀልጦ ለስላሳ ጄላቲን መሆን የሚጀምረው ከ70 ዲግሪ በላይ ነው፥ ወደ 80 ዲግሪ ሲጠጋም ያምርበታል።

አሁን ደግሞ ዶሮዋ እንደ ልማዱ በጀርባዋ ተኝታ፥ እግሮቿ በክር ታስረው ወደ ምድጃ ስትገባ የሚሆነውን እንመልከት። ደረቷ ወደ ላይ ተገልጦ የምድጃውን ግለት ሁሉ በቀጥታ ይቀበላል፤ ታፋዎቿ ግን ከጎን ተጣብቀው፥ ከሥር ተሸሽገው፥ በራሷ ገላ ጥላ ውስጥ ይቀመጣሉ፤ መጋጠሚያቸውም ከሁሉ የዘገየ ቦታ ይሆናል። ብዙ ሙቀት የሚሻው ብልት ሙቀት ተነፍጎት፥ ጥቂት የሚበቃው ብልት ግን ያለ ልክ ተጨምሮለት ይሠራል። ቆዳውም ቢሆን እንዲሁ ነው፤ ከላይ ያለው ሲጠበስ ከሥር ያለው በገዛ ጭማቂው ውስጥ ተቀቅሎ ገርጥቶ ይወጣል። በክር አጥብቆ ማሰር የሚባለው የፈረንጅ ልማድ ለዓይን ድብልብል መልክ ይሰጣታል እንጂ ለአበሳሰሏ የሚረዳት ነገር የለም፤ እንዲያውም ክፉውን ያብሰዋል።

በዚህ ላይ ሙቀት በሥጋ ውስጥ የሚጓዝበት ሕግ አለ። ሙቀት ከውጭ ወደ ውስጥ የሚዘልቀው ቀስ እያለ ነው፤ የሚወስደውም ጊዜ እንደ ውፍረቱ ብቻ ሳይሆን ውፍረቱ በራሱ ተባዝቶ በሚገኘው መጠን ይጨምራል፤ ማለት ውፍረቱ እጥፍ ቢሆን ጊዜው አራት እጥፍ ወደ መሆን ይሄዳል። በምድጃ ውስጥ አጥንትም ቅርጽም ጣልቃ ስለሚገቡ ቍጥሩ እንዲህ ጥርት ብሎ ባይገኝም ሕጉ ሕግ ነው። ሙሉዋ ዶሮ ጕልህ ድብልብል ናት፤ በሆዷም ቀዝቃዛ ባዶ ቦታ አለ። ይህችው ዶሮ ስትዘረጋ ውፍረቷ እጅግ ይቀንሳል፥ ባዶው ሆድ ይጠፋል፥ የጎድኑም ወገን ለእሳት ይገለጣል። ስለዚህ አንድ ኪሎ ተኩል የምትመዝን ዶሮ በ220 ዲግሪ ምድጃ ድብልብል ሳለች ከአንድ ሰዓት ያላነሰ፥ ብዙ ጊዜም ከዚያ የበለጠ ስትፈልግ፥ ተዘርግታ ግን በ40 እና በ45 ደቂቃ መካከል ትደርሳለች።

ገቢሩ አስቸጋሪ አይደለም፤ የሚፈለገውም ስለታም የወጥ ቤት መቀስና ደፋር እጅ ነው። ዶሮዋ በደረቷ ትደፋለች፥ ጀርባዋም ወደ ላይ ይሆናል። መቀሱ ከጭራዋ ወገን ይገባና ከጀርባ አጥንቱ በስተ ቀኝ በኩል፥ አጥንቱን ሳይሆን የጎድኖቹን መነሻ እየቈረጠ፥ እስከ አንገቷ ይደርሳል፤ በስተ ግራውም እንዲሁ ይደረጋል። አጥንቱን በመካከሉ ለመሰንጠቅ የሚታገል ሰው መቀሱን ያደነዝዛል፥ እጁንም ያደክማል፤ ትክክለኛው መንገድ ከጎኑ በአንድ ጣት ስፋት መሄድ ነው። አጥንቱ ከወጣ በኋላ በደረቷ ውስጠኛ ወገን ባለው ልም አጥንት ላይ በቢላ ጫፍ ትንሽ ይበጣል፤ ከዚያም ተገልብጣ፥ ደረቷ ወደ ላይ ሆኖ፥ በመዳፍ ሥር በጕልበት ስትጫን አጥንቱ ቀጭ ብሎ ይሰማል፥ ገላዋም ይረጋል። ጕልበቶቿ ወደ ውስጥ፥ ወደ ደረቷ ጫፍ ይመለሳሉ፤ የክንፎቿም ጫፍ እንዳያር ከጀርባ በኩል ይታጠፋል። ከአንገቷ ሥር ያለችውን፥ ሹካ የመሰለች ቀጭን አጥንት አስቀድሞ ማውጣት ግዴታ አይደለም፤ የሚያወጣት ሰው ግን በማዕድ ላይ ደረቷን ሲቈርጥ ዋጋውን ያገኛል። የወጣው ጀርባ አጥንት ከአንገቱ ጋር ከአንድ ሽንኩርትና ከጥቂት ቍንዶ በርበሬ ጋር ቢቀቀል መልካም መረቅ ስለሚሆን የሚጣል አይደለም።

በዚህ አቀማመጥ ደረቷ በመካከል፥ ታፋዎቿ በዳርና በዳር ይሆናሉ። የምድጃ ሙቀት የትሪውን ዳርቻ አስቀድሞ ስለሚይዘው፥ ብዙ የሚሻው ታፋ ብዙውን ያገኛል፤ በመካከል ያለው ወፍራም ደረት ግን በጎረቤቶቹ ታግዶ ቀስ ይላል። በዚህ ዓይነት ደረቱ 74 ላይ በሚደርስበት ሰዓት ታፋው ወደ 80 ይጠጋል። እኔ ይህን ነገር የማደንቀው በፍጥነቱ አይደለም፤ ፍጥነት ትርፍ ነው። የማደንቀው አንድ እሳት ለሁለት የተለያዩ ባሕርያት ለእያንዳንዱ የሚገባውን መስጠት መቻሉን ነው። የአገራችንም ባለሙያ ይህን በሌላ መንገድ አስቀድማ አውቃዋለች፤ ዶሮዋን በብልት የምትለየው፥ ጠንካራውንም ብልት ከለስላሳው አስቀድማ ወደ ድስቱ የምታገባው፥ የብልቶቹን አለመተካከል ስለምታውቅ ነው።

ስለ ቆዳው ጥቂት ልጨምር፤ ጥብስ ያለ ቆዳ ግማሽ ጥብስ ነውና። ሊቃውንቶቻችን ስለ አራቱ ባሕርያት ሲያስተምሩ እሳትን ውዑይና ይቡስ (ትኩስና ደረቅ)፥ ውኃን ቈሪርና ርጡብ (ቀዝቃዛና ርጥብ) ይሏቸዋል፤ በዶሮ ቆዳ ላይም የእነዚህ የሁለቱ ጠብ በግልጥ ይታያል። ሉዊ ካሚይ ማያር የተባለ ፈረንሳዊ ሊቅ በ1912 (እ.ኤ.አ.) እንደ ገለጠው፥ የጥብስ ቡናማ ቀለምና የሚስበው ሽታ የሚወለዱት የፕሮቲን ክፍልፋዮች ከስኳር ጋር በሙቀት ሲገናኙ ነው፤ ይህም በርትቶ የሚሠራው ከ140 ዲግሪ አካባቢ ጀምሮ ነው። ቆዳው ርጥብ እስከ ሆነ ድረስ ግን ሙቀቱ ከውኃ መፍያ አያልፍም፤ የውኃ መፍያ ደግሞ በባሕር ጠረፍ 100 ዲግሪ፥ በአዲስ አበባ ከፍታ 92 ዲግሪ ገደማ ነው። ርጥብ ዶሮ ወደ ምድጃ የሚያስገባ ሰው የእሳቱን ብርታት ውኃ በማትነን ያባክነዋል። እኛ ዶሮን ደጋግመን በሎሚና በጨው የማጠብ ልማድ ስላለን ይህ ነገር ከሌላው ይልቅ እኛን ይመለከተናል፤ ታጥባ የወጣች ዶሮ በንጹሕ ጨርቅ ውስጧም ውጭዋም መድረቅ አለበት። ከዚያም ለአንድ ኪሎ ተኩል ዶሮ ከ15 እስከ 20 ግራም የሚሆን ጨው በሁለቱም ወገን ተነስንሶባት፥ ሳትሸፈን በማቀዝቀዣ ውስጥ ብታድር፥ ጨው ወደ ሥጋው ይዘልቃል፥ ቆዳውም ደርቆ እንደ ብራና ይወጠራል። ተዘርግታ በምትጠበስበት ጊዜም ቆዳው ሁሉ በአንድ ገጽ ወደ ላይ ስለሚሆን ከሥር የሚቀር ገርጣታ የለም።

ይህ ጥበብ የአንድ ሕዝብ ብቻ አይደለም። በ1785 (እ.ኤ.አ.) በለንደን የታተመው የፍራንሲስ ግሮዝ የተራ ሰዎች ቋንቋ መዝገበ ቃላት፥ ያልታሰበ እንግዳ ሲመጣ ከቆጥ ወርዳ ታርዳ፥ ተሰንጥቃ፥ ወዲያው በፍም ላይ ስለምትጠበስ ዶሮ ሲጽፍ የአየርላንድ ሰዎች ምግብ ያደርጋታል። የኢጣሊያ የቶስካና ሰዎች በተዘረጋችው ዶሮ ላይ የጋለ ጡብ ጭነው ይጠብሷታል። በጆርጂያ ደግሞ ታባካ የምትባለው ጫጩት፥ ከባድ ክዳን ባለው መጥበሻ ውስጥ በሁለት ወገን ተጭና እስክትቀላ ተጠብሳ፥ ከነጭ ሽንኩርት ወይም ከጎምዛዛ ፕለም ከተሠራ ማጥለቂያ ጋር ትቀርባለች፤ ይህችም ምግብ በሶቪየት ዘመን በኅብረቱ ከተሞች ምግብ ቤቶች ሁሉ የታወቀች ስለ ነበረች፥ በዚያ ወራት በሞስኮና በኪየቭ የተማሩ ወገኖቻችን ሳያውቋት አልቀሩም። ፖርቱጋሎች ዶሮን ከፍተው በከሰል ላይ እየጠበሱ፥ ከአፍሪካ ቅኝ ግዛቶቻቸው በለመዱት ፒሪ ፒሪ በተባለው ቃሪያ ይቀቧታል። በታይላንድ የተሰነጠቀችው ዶሮ በቀርከሃ ተቆንጥጣ ወደ ፍሙ ትቀርባለች። በዐረብ ባሕረ ሰላጤ አገሮች የኖሩ እኅቶቻችንና ወንድሞቻችን ደግሞ በሽቦ ፍርግርግ መካከል ተጣብቃ በከሰል የምትጠበሰውን ዝርግ ዶሮ በየጎዳናው ያውቋታል። እንዲህ ያሉ የተራራቁ ሕዝቦች፥ በመካከላቸው ምክክር ሳይኖር ወደ አንድ አሠራር መድረሳቸው፥ እሳትና ሥጋ በየትም አገር አንድ ሕግ እንዳላቸው ያስረዳል።

በከሰል ላይ መጥበስን በተለይ ማንሣት የሚገባኝ፥ ምድጃ የሌለው ቤት ብዙ ሲሆን ማንደጃ የሌለው ቤት ግን ጥቂት በመሆኑ ነው። በፍም ላይ የሚሠራ ሰው ትልቁ ስሕተት ከሰሉን በፍርግርጉ ሥር ሁሉ እኩል መበተን ነው፤ ያን ጊዜ የዶሮዋ ስብ በፍሙ ላይ እየተንጠባጠበ ነበልባል ያስነሣል፥ ቆዳው ከሰል ሲሆን ውስጡ ጥሬ ይቀራል። ፍሙ ወደ አንድ ወገን ይሰብሰብ፤ ዶሮዋ በአጥንቷ ወገን ወደ ታች ሆና፥ ፍም በሌለበት በኩል፥ እግሮቿ ወደ ፍሙ ደረቷ ከፍሙ ራቅ ብሎ ትቀመጥ፤ ሊከደን የሚችል ነገር ከተገኘም ይከደንባት። አጥንቱ ሙቀቱን እየተቀበለ ለሥጋው በልክ ያሳልፋል። ለመብሰል ጥቂት ሲቀራት ተገልብጣ ቆዳዋ በፍሙ በኩል ጥቂት ደቂቃ ይቀላል። በዚህን ጊዜ ከእርሷ ዓይንን ማንሣት አይገባም፤ በመልካም ቡናማነትና በማረር መካከል ያለው ጊዜ አጭር ነውና። ሎሚ፥ ነጭ ሽንኩርት፥ ሚጥሚጣ የሚቀባ ሰው በመጨረሻው ላይ ይቀባ፤ ነጭ ሽንኩርት አስቀድሞ ከተቀባ ያርና ይመርራል።

ከዶሮ አልፎ ጥቅሙ ይልቁን የሚታየው በታላቅ ወፍ ነው። በአሜሪካ የሚኖሩ ወገኖቻችን የአገሩ ሰው የምስጋና ቀን ብሎ የሚያከብረውን፥ ከ1941 (እ.ኤ.አ.) ጀምሮ በሕግ በኖቬምበር ወር አራተኛ ሐሙስ የጸናውን በዓል ያውቁታል፤ ማዕዱም ተርኪ የሚባለው ወፍ ነው። አምስት ስድስት ኪሎ የሚመዝን ተርኪ በሙሉ ገላው ሦስት ሰዓት ወይም ከዚያ በላይ በምድጃ ውስጥ ይቆያል፤ ያን ያህል ቆይቶም የደረቁ ደረት ምሬት በየቤቱ ይሰማል። ተዘርግቶ በ230 ዲግሪ ሲጠበስ ግን በ80 እና በ90 ደቂቃ መካከል ይደርሳል። ጀርባ አጥንቱ ከዶሮ ይልቅ እጅግ ስለሚጠነክር መቀሱ ጠንካራ፥ ሠሪውም ባለ ጕልበት ቢሆን ይሻላል። ያ ሐሙስ ብዙ ጊዜ ኅዳር 15 በሚጀምረው በጾመ ነቢያት ውስጥ ስለሚውል፥ ጾመኞች ወገኖቻችን ጎረቤታቸውን በአትክልት ማዕድ ሲያስተናግዱ ይገኛሉ፤ እነርሱ ይህን አሠራር ታኅሣሥ 29 ለሚውለው ለልደት በዓል ቢያቆዩት ምንም አይጎድልባቸውም።

በዚህ አሠራር ላይ የሚነሣውን ተቃውሞ አልሸሽገውም። ሙሉ ወፍ በትሪ ላይ ድብልብል ሆና ወደ ማዕድ ስትገባ የምትሰጠውን ግርማ የተዘረጋችው አትሰጥም ይባላል። ግርማው እውነት ነው፤ ነገር ግን ግርማው የሚቆየው ቢላ እስኪያርፍበት ድረስ ነው፥ ደረቁ ሥጋ ግን እስከ መጨረሻው ጕርሻ ይቆያል። ሁለተኛው ተቃውሞ ሆዷን በዳቦና በቅመም ለመሙላት አይመችም የሚለው ነው፤ ይህን እኔ እንደ ጥቅም እቈጥረዋለሁ፤ ምክንያቱም በሆዷ ያለው ሙሌት በጥሬ ሥጋው ጭማቂ ስለሚርስ እርሱም 74 ዲግሪ መድረስ አለበት፥ እርሱ እስኪደርስ ሥጋው ከልክ አልፎ ይደርቃል። ሙሌቱ በትሪው ላይ፥ በተዘረጋችው ዶሮ ሥር ቢደረግ ግን ስቧንና ጭማቂዋን ጠጥቶ ያምራል።

ይህ ዘዴ የማይሆንበት ጊዜም አለ። በዘንግ ላይ እየተሽከረከረች የምትጠበስ ዶሮ በመሽከርከሯ ለሁሉም ወገኗ እሳቱን ስለምታዳርስ መዘርጋት አያስፈልጋትም። ብዙ እንቍላል ጥላ ያረጀች የአገራችን ዶሮም ለጥብስ አትሆንም፤ ኮላጅኗ በእርጅና ስለ ጠነከረ በአርባ ደቂቃ አይቀልጥም፤ የእርሷ ቦታ ረጅም ጊዜ በዝግታ የሚፈላው ድስት ነው፥ በዚያም ማንም አይወዳደራትም። ለጥብስ የምትሻለው ገና እንቍላል ያልጀመረች ቄብ፥ ወይም ለሥጋ ተብላ በእርባታ ቤት ያደገች ዶሮ ናት። የአገር ዶሮ ለወጥ፥ የእርባታ ዶሮ ለጥብስ ሲሆኑ ሁለቱም ክብራቸውን ያገኛሉ፤ ገበያ ላይ ሳይለዩ መግዛት ግን ገንዘብንም ድካምንም ማባከን ነው።

ስለ ጤና የሚገባውን ቃል በአጭሩ ልናገር። ጥሬ ዶሮ ሳልሞኔላና ካምፒሎባክተር የተባሉትን ተሕዋስያን ስለምትሸከም፥ የነካት ቢላ፥ መቀስና ሰሌዳ በሙቅ ውኃና በሳሙና ሳይታጠብ ሌላ ምግብ አይነካም፤ ስትታጠብም ውኃው ወደ ሰላጣውና ወደ ዳቦው እንዳይረጭ መጠንቀቅ ግድ ነው። የአሜሪካ የእርሻ መሥሪያ ቤት ለዶሮ ሥጋ ሁሉ የወሰነው የደኅንነት ልክ 74 ዲግሪ ነው። ከእሳት የወጣች ዶሮም ሳትቈረጥ ዐሥር ደቂቃ ያህል ትረፍ፤ ጭማቂዋ ሲረጋ በሰሌዳው ላይ ከመፍሰስ ይልቅ በሥጋው ውስጥ ይቀራል።

በምግብ ዝግጅት ትምህርት ቤቶች ለምታስተምሩና በሆቴሎች ወጥ ቤት ለምታዝዙ አንድ ልመና አለኝ። በቃሌ ብቻ አትመኑኝ። እኩል የሚመዝኑ ሁለት ዶሮዎች ግዙ፤ አንዷን በሙሉ ገላዋ፥ ሁለተኛዋን ከፍታችሁና ዘርግታችሁ በአንድ መጠነ ሙቀት በየተራ ጥበሱ፤ ሥጋ ውስጥ የሚገባ ቴርሞሜትር ይዛችሁ የሁለቱንም ደረትና የታፋ መጋጠሚያ በየዐሥር ደቂቃው ለኩ፥ ተማሪዎቻችሁም ቍጥሩን በደብተር ይጻፉ፤ ከዚያም ሁለቱን ጎን ለጎን አቅርባችሁ ቅመሱና ፍረዱ።